የምራትሽ ሳጥኖች

እናቴ፣

ይህ ወረቀት ሲደርስሽ ቁርጥማቱ ለቆሽ፣ በረንዳሽ ላይ ወንበርሽን አውጥተሽ ፀሐይ እየሞቅሽ እንዲያገኝሽ ምኞቴ ነው። ሳልሽስ እንዴት ሆነልሽ? ያን ሽሮፕ ሐኪሙ እንዳዘዘው በማንኪያ እየለካሽ ትወስጃለሽ ወይስ እንደ ልማድሽ ከነጠርሙሱ ትጎነጪዋለሽ? ድመትሽስ ወለደች? እኔ ደህና ነኝ፤ አካሌን ማለቴ ነው። ምራትሽም ሰላም ብላሻለች እልሽ ነበር፣ ግን መጻፌን ስለማታውቅ በእሷ አፍ አልዋሽም። ዛሬ ፀጉር ቤቱ የሚዘጋበት ቀን ነው። በሩን ከውስጥ ቆልፌ፣ ደንበኛ በሚቀመጥበት ወንበር ላይ ተቀምጬ፣ ማበጠሪያና መቀሱን ገፋ አድርጌ መስተዋቱ ሥር ነው የምጽፍልሽ። ቀና ባልኩ ቁጥር የገዛ ፊቴ ያፈጥብኛል። የሚያምር ፊት አይደለም።

አንድ ነገር ላስቸግርሽ። ይህን ደብዳቤ ለጎረቤትሽ ልጅ አታስነብቢው። ልጅቷ ጥሩ ናት፤ አፏ ግን ወንፊት ነው። መነጽርሽን አድርጊና ራስሽ አንብቢው። ለዚሁ ብዬ ነው ጽሕፈቴን ያተለቅኩት።

ባለፈው በስልክ «ምነው ድምፅህ?» ስትይኝ ጉንፋን ነው አልኩሽ። ጉንፋን አልነበረም። ምራትሽ ከወጥ ቤት ትሰማኝ ነበርና ነው። ከዚያ ቀደም ብሎ ደግሞ፣ ካስታወስሽ፣ እጇ ቀዝቅዞብኛል ብዬ ሳማርርልሽ ሳቅ ብለሽ «የሴት እጅ እቤቷ የሚቀዘቅዘው ሌላ ቦታ ሲሞቅ ነው» ብለሽኝ ነበር። ለቀልድ እንዳልሽው አውቃለሁ፤ አልወቅስሽም። ግን ያቺ ቃልሽ እንደ ተቆረጠ ፀጉር አንገቴ ሥር ገብታ ስታሳክከኝ ከረመች።

ነገሩ የጀመረው በሳጥን ነው።

ምራትሽ ድሮ እንዴት እንደነበረች ታውቂያለሽ። በተጋባን ሰሞን፣ አልገጥም ብሎ የኖረውን የቁምሳጥንሽን በር ልትሠራልሽ ስትመጣ መሣሪያዋን የያዘችው በሲሚንቶ ከረጢት ነበር። አንዲት ብሎን ለማግኘት ካቻቪቴውን ከነፒንሳው፣ ፒንሳውን ከነመዶሻው ምንጣፍሽ ላይ ስትዘረግፈው «ይቺ ልጅ ትዳሯንም እንዲህ እንዳትዘረግፈው» ብለሽ በጆሮዬ አንሾካሾክሽብኝ። በሩ ግን ገጠመ። ከዚያ ወዲህ ነው «ልጄ» ማለት የጀመርሽው።

እቤታችንም እንደዚያው ነበርን። ቀኑን ሙሉ በየአዲሱ ሕንፃ የወጥ ቤት ካቢኔና ቁምሳጥን ስትገጥም ትውልና፣ ስትመለስ ኪሷ በብሎን ይንኳኳል፣ ፀጉሯ ውስጥ እርሳስ ተሰክቷል። አንሶላ ላይ እንኳ የበር ማጠፊያ አግኝቼ አውቃለሁ። ጠዋት ጠዋት «አንተ፣ ሜትሬን አየኸው?» ትላለች። እኔ ከማቀዝቀዣው ላይ፣ ከጫማ ውስጥ፣ አንድ ቀን እንዲያውም ከዳቦ ማስቀመጫው ውስጥ አገኝላታለሁ። «አንተ ባትኖር ምን ይውጠኝ ነበር» ብላኝ ትወጣለች። እናቴ፣ ሌላው ባል በሌላ ነገር ይኮራል። እኔ የምኮራው የሚስቴን ሜትር በማግኘት ነበር።

አንድ ቀን ኮሪደሩ ላይ የጎማ ድምፅ ሰማሁ። በሩን ስከፍት ምራትሽ ደረቷ ድረስ የሚደርስ የሳጥን ድርድር እየጎተተች መጣች። ከታች ያለው ትልቁ ሳጥን ጎማና እንደ መንገደኛ ሻንጣ የሚመዘዝ እጀታ አለው። ከእሱ ላይ ሌላው፣ ከዚያም ላይ ሌላው፣ ሁሉም ግራጫ፣ መቀርቀሪያቸው ቀይ። አንዱን ከሌላው ላይ ስታስቀምጪው ጥርስ ከጥርስ ይገጥምና ቀጭ ይላል፤ ከዚያ በኋላ የላይኛውን ብታነሺ የታችኛው አብሮ ይነሳል። ወለሉ ላይ ቁጭ ብላ አንድ በአንድ ከፍታ አሳየችኝ። ውስጣቸው ጥቁር ስፖንጅ ነው፤ ስፖንጁ በየመሣሪያው ቅርጽ ተፈልፍሎ ድሪሉ እንደ ሕፃን በጎኑ ተኝቷል፣ ባትሪዎቹ ጎን ለጎን ተሰድረዋል፣ መሮዎቹ እጀታቸውን ወደ እሷ አድርገው ተደርድረዋል። የላይኛው ሳጥን ክዳን ውስጡን ያሳያል፤ ብሎኑ በየርዝመቱ በየጎጆው ገብቷል።

«አየህ፣ ከእንግዲህ የሚጠፋ ነገር የለም» አለችኝ።

ደስ ብሏት ነበር። እኔም ደስ ያለኝ መሰልኩና ስፖንጁን ማን እንደቆረጠላት ጠየቅሁ። ከአውቶቡስ መናኸሪያው ፊት ለፊት ካለው የመሣሪያ ሱቅ፣ ሻጩ ነው አለችኝ። ሥራዋን አንድ በአንድ ጠይቋት፣ የትኛውን መሣሪያ ቀድማ እንደምታነሳ፣ በየትኛው እጇ እንደምታነሳ ሰምቶ እንዳበጀላት እንደ ቀላል ነገር ነገረችኝ። እኔ ግን እዚያው ወለሉ ላይ አንድ ነገር ገባኝ። ይህ ሰው ሚስቴ ጠዋት መጀመሪያ የምታነሳውን ዕቃ ያውቃል፤ እኔ አላውቅም። ስሙን አልጽፍልሽም። በልቤ «ስፖንጁ» ነው የምለው።

በማግስቱ ሜትሯን የጠየቀኝ ሰው የለም። ከዚያም በማግስቱ። ቀጭ፣ ቀጭ ታደርግና ሳጥኗን እየጎተተች ትወጣለች።

እንደዚያ ሰሞን ነው እጇ የራቀኝ። ከተላጨሁ በኋላ ጉንጬን በመዳፏ ዳብሳ «እዚህ ጋ ቀርቶሃል» ትለኝ ነበር፤ ፀጉር አስተካካይን የምታርም እሷ ብቻ ናት። ያን ተወችው። መንገድ ላይ እጇን ስይዛት ትንሽ ትቆይና ቀስ ብላ ታወጣዋለች። እቤት ውስጥ ጓንት ማድረግ ጀመረች። አንቺ የሰጠሽን ብርጭቆዎች ተራ በተራ ከእጇ እየወደቁ ተሰበሩ፤ ሲወድቁም እንደ ሌላ ሰው ብርጭቆ ቆማ ታያቸዋለች። ሐሳቧ እዚህ የለም አልኩ። ስልክ ሲደወልላት ወደ ደረጃው ትወጣለች። ምነው ስላት ደክሞኝ ነው ትለኛለች። ደክሞኝ ነው የሚለው ቃል፣ እናቴ፣ ለተጠራጠረ ሰው ከስድብ ይከፋል።

በዚህ ላይ ደንበኞቼን ታውቂያቸዋለሽ። አንዱ የታክሲ ሹፌር ነው፤ ምላሱ ከመቀሴ ይፈጥናል። አገጩ አረፋ እንደተቀባ መስተዋቱ ውስጥ እያየኝ «ሚስትህ በየጠዋቱ ሻንጣዋን እየጎተተች ስትወጣ አያታለሁ። እስካሁን ማታ ማታ መመለሷ ደግ ነው» አለኝ። ቤቱ በሙሉ ሳቀ። እኔም ሳቅሁ። ምላጩን ግን ከአንገቱ አንስቼ ትንሽ ቆምኩ።

አላስችል ሲለኝ አንድ ቀን ከሰዓት ዘግቼ ሄድኩ። ከሱቁ ማዶ የጋዜጣ መሸጫ አለ፤ ጋዜጣ ገልብጬ ይሁን አቅንቼ እንደያዝኩ እንጃ፣ በሱቁ የመስተዋት መስኮት ወደ ውስጥ አያለሁ። ሰውዬው ቀጭን ነው፤ በእኔ ዕድሜ ገደማ፣ መነጽሩን በክር አንገቱ ላይ ያንጠለጠለ። ቆንጆ ቢሆን በተሻለኝ ነበር፤ መልኩ ምንም የለውም። ትንሽ ቆይቶ ምራትሽ ሳጥኗን እየጎተተች ገባች። ሰውዬው መቀርቀሪያውን ከፍቶ አሳያት፤ ከዚያ እጇን ያዘ። መዳፏን መቀርቀሪያው ላይ አስቀምጦ የራሱን እጅ በላዩ ጭኖ ወደ ታች ገፋው። ደግማ ሞከረች። ደግሞ ያዘላት። እሷ ሳቀች። እኔ ዘንድ ጓንት የምታደርገው እጅ!

እጅ ከፍንጅ ያዝኳት አልኩ። ግን አልገባሁም። ምን ልበል? ሚስቴን ሳጥን አስከፈትክብኝ ልበለው? ጋዜጣውን አጣጥፌ ወደ ቤቴ ሄድኩ።

አሁን የምነግርሽን ለማንም አልነገርኩም። በሳምንቱ መጨረሻ እህቷን ልትጠይቅ ስትወጣ ሳጥኖቹ ኮሪደሩ ላይ ቀሩ። ቁጭ ብዬ አየኋቸው። እነሱም አዩኝ መሰለኝ። ከዚያ ከላይ ጀምሬ አንድ በአንድ ከፈትኳቸው። ምን እንደምፈልግ አላውቅም፤ ወረቀት፣ ስጦታ፣ የእኔ ያልሆነ ፀጉር፣ ምናልባት ሁሉንም። ድሪሉን አነሳሁ፣ ሥሩን አየሁ፣ የሳጥኑን ስፖንጅ ነቅዬ ገልብጬ በጣቴ ፈተሽኩት። ያገኘሁት መዳፉ ወፍራም የሆነ ጓንትና የካምፎር ሽታ ያለው ቅባት ብቻ ነው። ቅባቱን ሳይቀር ስጦታ ነው ብዬ አሸተትኩት። ይህን ስሠራ ደረጃው ላይ ኮቴ ተሰማ። የወጣውን ሁሉ እንደመጣልኝ ከትቼ፣ ቀጭ ቀጭ አድርጌ ደራርቤ ሶፋው ላይ ደረስኩ። ኮቴው የጎረቤት ነበር።

በማግስቱ ረፋድ ላይ ያን ሹፌር ግማሽ ጉንጩን ላጭቼ ግማሹ ሲቀረኝ ስልኬ ጮኸ። የምራትሽ ቁጥር ነው። ሃሎ ስል ግን የወንድ ድምፅ ነው የመለሰልኝ። በዝግታ፣ እሷን እጇን ስለት እንደቆረጣት፣ ለሕይወቷ የሚያሰጋ እንዳልሆነ፣ ክሊኒክ እንደሆኑ ነገረኝ። ድምፁን ሰምቼው ባላውቅም ማን እንደሆነ አውቄዋለሁ። ሹፌሩን በግማሽ ጺሙ ትቼ ወጣሁ።

ክሊኒኩ አግዳሚ ላይ ስፖንጁ ተቀምጧል። ሸሚዙ ላይ የሚስቴ ደም አለ። እናቴ፣ ከአፌ መጀመሪያ የወጣው እሷስ እንዴት ናት የሚል አልነበረም። እንዴት ከእኔ ቀድመህ እዚህ ተገኘህ ነው ያልኩት። አልተቆጣም። ያዘዘችውን ማጠፊያ ሊያደርስላት ወደምትሠራበት ቤት ሲገባ የቤቱ እመቤት ስትጮህ እንደሰማ ነገረኝ። ሴትዮዋ የጮኸችው ነጩን የካቢኔ በር አይታ ነው። ከላይ እስከ ታች ደም ወርዶበታል። ምራትሽ ደግሞ ጀርባዋን ሰጥታ፣ እያንጎራጎረች፣ ብሎን ታጠብቃለች። መሮ ልታነሳ እጇን ሰዳ ስለቱ መዳፏን ከፍቶታል፤ እሷ ሥራዋን ቀጥላለች።

ገባሁ። ነርሷ እየሰፋቻት ነው። ሲቆርጥሽ አልተሰማሽም ወይ ብላ ትጠይቃታለች። ምራትሽ እኔን ስታይ አንገቷን ደፋች፤ ከዚያ ለነርሷ ሳይሆን ለእኔ መለሰች።

«አይሰማኝም። ከተወኝ ከራርሟል።»

ሐኪሙ መጥቶ ጣቶቿን አንድ በአንድ በመርፌ ጫፍ ነካካ። ዐይኗን ጨፍና የቱን እንደነካ ንገሪኝ ይላታል፤ እሷ ዝም። ጠዋት ጠዋት ብርድ ሲሆን ጣቶቿ እንደ ኖራ ይነጡ እንደነበር፣ ቀጥሎ እንደሚደነዝዙ፣ ትንንሽ ብሎን ማንሳት እንዳቃታት ተናገረች። ሐኪሙ ግድግዳ የሚበሳና የሚንቀጠቀጥ መሣሪያ ለዓመታት የያዘ እጅ እንዲህ እንደሚሆን፣ ከዛሬ ጀምሮ ካልተወችው እንደሚብስ፣ ብትተወው ግን የተወሰነው ሊመለስ እንደሚችል አስረዳን። ያ ወፍራም ጓንት ለዚህ ነበር። ቅባቱም። በመዳፍ የሚከፈት መቀርቀሪያም፣ ጎማውም፣ በየጎጆው የገባው ብሎንም።

ከዚያ ነርሷ፣ መሮው እጀታ እያለው ስለቱ እንዴት መዳፍሽን አገኘው ስትል ጠየቀች። በዚያች ሰዓት ነው የገባኝ፤ መሮውን ማን ገልብጦ እንደከተተው የማውቀው እኔ ነኝ።

«እኔ ነኝ ገልብጬ ያስቀመጥኩት» አለች ምራትሽ።

ስፖንጁ በሩ ላይ ቆሞ ነበር። ቀና ብሎ እሷን አያት፣ ቀጥሎ እኔን አየኝ። መነጽሩን አወለቀና ወደ ግድግዳው ዞሮ በሸሚዙ ጫፍ ይጠርገው ጀመር። ብዙ ጠረገው።

ወደ ቤት ስንመለስ ታክሲ ውስጥ አጠገቤ ተቀምጣ በፋሻ የተጠቀለለውን እጇን ጉልበቷ ላይ አድርጋዋለች። ልጠይቃት የሚገባኝ ብዙ ነበር፤ ቅናት ግን አንድ ጥያቄ ብቻ ነው የሚያውቀው። ለምን ለእሱ ነግረሽ ለእኔ ደበቅሽኝ አልኳት።

«አልነገርኩትም» አለችኝ። «አየኝ።»

ሱቁ ባንኮኒ ላይ የወደቀች ብሎን ልታነሳ ስትሞክር፣ ሲያቅታት፣ ደግማ ስትሞክር፣ ሰውዬው ምንም ሳይጠይቅ ብሎኗን አንስቶ መዳፏ ላይ አስቀመጠላት። ይኸው ነው። በሌላ ጊዜ ስትመጣ ሳጥኖቹን አዘጋጅቶ ጠበቃት። እናቴ፣ ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው ይባላል፤ ለካ ዐይንም ባዳ ነው። እኔ የሰው ራስ ሳይ የምውል ሰው ነኝ። አንዲት ጎድላ የቀረች ፀጉር አታመልጠኝም። ሚስቴ አጠገቤ ብርጭቆ ስትጥል አልታየኝም፤ ለእሱ አንዲት ብሎን በቃችው።

ለምን እንደደበቀችኝ ቆይታ ነገረችኝ። የጓደኛዋን ጣት መጋዝ በወሰደው ጊዜ እኔ «አንቺን ትንሽ ነገር ቢነካሽ ያን ዕለት ሥራውን ታቆሚያለሽ» ብያት ነበር። እኔ ረስቼዋለሁ፤ እሷ አልረሳችም። ሥራዋን እንዳላስጥላት ፈራች። ይህን ስትነግረኝ ዐይኗ ደረቅ ነበር። ያለቀሰችው ስለ ጉንጬ ስጠይቃት ነው።

«ፊትህን ስነካው እንጨት ይሁን ቆዳ አልለይም ነበር። ይህን እንዴት ብዬ ልንገርህ?»

እዚያ ላይ እኔም አለቀስኩ። የተሳፈርንበት ታክሲ ሹፌር ሬዲዮኑን ከፍ አደረገልን፤ እግዜር ይስጠው።

እውነቱን ካወቅሁ ቅናቴ ይወጣልኛል ብለሽ ትገምቻለሽ። እኔም እንደዚያ ነበር የገመትኩት። ባሰብኝ እንጂ። ቢሰርቀኝ ኖሮ ሌባ ብዬው እገላገላለሁ። ግን ሚስቴን ደግ አደረገላት፣ ምንም አልጠየቃትም፣ የእኔን ድርሻ ከእኔ አስበልጦ ሠራ። እንዲህ ያለውን ሰው ምን ብለሽ ትጠይዋለሽ? ሌሊት ዐይኔን ስጨፍን የሚታየኝ ሁለቱ ሲሳሳቁ አይደለም፤ ያቺን ብሎን መዳፏ ላይ ሲያስቀምጥ ነው።

ምራትሽ ሥራውን ተወች። ሳጥኖቹ ጥግ ላይ ተደራርበው ቀሩ፤ አንዳንዴ በአጠገባቸው ስታልፍ በክርኗ ትነካቸዋለች። እቤት ስትውል ማየት ከበደኝ። ድስት ክዳን ስታጣ እንኳ ጥፋተኛው እኔ ይመስለኛል። መሮውን ማን እንደገለበጠ ልነግራት አፌን የከፈትኩበት ቀን ብዙ ነው። የሚወጣው ግን ሌላ ነው፤ ሻይ ልቅዳልሽ? መስኮቱን ልዝጋው? እላታለሁ።

ከዚያ ከሱቁ ጥሪ መጣ። ባለቤቱ፣ በየሥራ ቦታው እየዞረ ቧንቧ ሠሪውም ቀለም ቀቢውም ኤሌክትሪክ ሠሪውም ዕቃቸውን እንዴት እንደሚያነሱ ጠይቆ ሳጥናቸውን የሚነድፍላቸው ሰው ይፈልጋል። ንድፉን እሷ ትሠራለች፤ ስፖንጁን በማሽን ሌላ ሰው ይቆርጣል። ይህን ስትነግረኝ ፊቷ ልክ ሳጥኖቹን እየጎተተች እንደመጣችበት ቀን ነበር። ሌላ ሰው ያለችው ማን እንደሆነ አልጠየቅኋትም። አንድ ባንኮኒ፣ ሁለት ወንበር፣ ከጠዋት እስከ ማታ። እስቲ ላስብበት አልኳት። እኔ ነኝ የማስብበት! በእሷ እጅ፣ በእሷ ሥራ!

ስፖንጁ ራሱ ወደ ፀጉር ቤቴ የመጣው እኔ ሳስብ በሰነበትኩበት ሰሞን ነው። ረፋድ ነበር፣ ሰው አልነበረም። ተራውን እንደሚጠብቅ ሰው በር ላይ ትንሽ ቆመና ወንበሩ ላይ ተቀመጠ፤ አሁን እኔ የተቀመጥኩበት ላይ። ጨርቁን አንገቱ ላይ አሰርኩ፤ ከሚገባው በላይ ሳላጠብቀው አልቀረሁም። ፀጉሩን ማን ሲቆርጥለት እንደኖረ እንጃ፣ ከኋላው ደረጃ ነው። መቁረጥ ጀመርኩ። የመቀሱ ድምፅ ብቻ ነው ያለው። ጆሮው ጋ ስደርስ ዐይኑን ከመስተዋቱ ላይ ሳያነሳ ተናገረ።

«ወደ ሌላው ቅርንጫፍ ልዛወር ጠይቄያለሁ። ፈቅደውልኛል። እሷ በእኔ ቦታ ትገባለች።»

ለምን ብዬ ልጠይቀው እችል ነበር። አልጠየቅሁትም። ልቡ ንጹሕ የሆነ ሰው ወደ ሌላ ቅርንጫፍ አይሸሽም፤ ልቡ ንጹሕ ያልሆነ ሰው ደግሞ ጭራሽ አይሸሽም። መካከሉ ላይ ያለውን እኔም እሱም መስተዋቱ ውስጥ ተያየንበት። ቆይ፣ አትሂድ፣ ምንም አላጠፋህም ልለው ይገባኝ ነበር። ትልቅ ሰው ቢሆን ይለዋል። እንዳልከው ይሁን፣ ተዛወር አልኩት።

ራሱን ነቀነቀ። እኔም እናቴ፣ በሕይወቴ እንደዚያ ተጠንቅቄ የሰው ፀጉር ቆርጬ አላውቅም። ደረጃውን አጠፋሁለት፣ አንገቱን በምላጭ አቀናሁለት፣ ከጆሮው ጀርባ ያለውን በመቀስ ጫፍ አንድ በአንድ ለቀምኩለት። የሰጠሁት ነገር ቢኖር ይኸው ነው። ሲነሳ አመሰገነኝ። እንደ ሰው ልጨብጠው እጄን ዘረጋሁ፤ ጨበጠኝ። ለስላሳ እጅ ነው፣ ሙቀት ያለው።

ለምራትሽ ሥራውን ያዥው አልኳት። ማን መጥቶ እንደነበር አልነገርኳትም።

ትናንት የመጀመሪያ ቀኗ ነበር። ጠዋት ስፖንጁ ሱቁን አስረክቧት ተሰናብቷት ሄዷል። ማታ ተመለሰች፣ ፊቷን ታጠበች፣ ከእኔ ፊት ለፊት ተቀመጠች። አንድ ቧንቧ ሠሪ እንዴት እንዳስቸገራት፣ ኋላ ግን የሳጥኑን ንድፍ አይቶ ዝም እንዳለ እየሳቀች አወራችኝ። ከዚያ ሰውዬው ወደ ሌላው ቅርንጫፍ መዛወሩን፣ ለምን እንደሆነ ለማንም አለመናገሩን ነገረችኝ። እኔ ዳቦዬን እቆርሳለሁ።

«ፀጉሩን አሳምረህለታል» አለችኝ።

የኔ ሥራ መሆኑን በምን አወቅሽ አልኳት። ድምፄ ያው ያኔ በስልክ ጉንፋን ያልኩሽ ድምፅ ነው። ቁጣ የለባትም። ፋሻው ተፈቶላታል፤ መዳፏ ላይ የተሰፋው መስመር ገና ቀይ ነው። እጇን ጠረጴዛው ላይ እንደዘረጋች አየችኝ።

«ያንተን እጅ የትም ቢገባ አውቀዋለሁ» አለችኝ።

ተነሥታም ሳህኖቹን ማንሳት ጀመረች። እኔ ከወንበሬ አልተነሳሁም። ለካ ያን ዕለት ክሊኒኩ ውስጥ «እኔ ነኝ» ያለችው የማንን እጅ እንደሸፈነች እያወቀች ነው።

እናቴ፣ ስትደውይላት ስለ እጇ ምንም እንዳልሰማሽ ሆነሽ ጠይቂያት። ራሷ ልትነግርሽ ከፈለገች ትንገርሽ። ያቺን የእጅ ተረትሽን ግን ሁለተኛ አትተርቻት፤ ለእሷም፣ ለእኔም፣ ለማንም።

ሳልሽን ፈጣሪ ያቅልልሽ፤ ጉልበትሽን ያጽናልሽ፤ ደጅሽን የሚያንኳኳው ሁሉ ደግ ይሁን። ድመቷ ከወለደች አንዷን አስቀሪልን። ምራትሽ ድመት ትወዳለች። የድመቷ ፀጉር ለጣቶቿ ይሰማቸው እንደሆን አብረን እናያለን።

ልጅሽ፣
የምራትሽ ባል